ማኅተሙን ፍለጋ በአዲስ አበባ ዳርቻዎች

በመጻፍ ላይ ያለሁት ልብ ወለድ የቆመው «ማኅተመ ኃይል» ብዬ በሰየምኩት የፈጠራ ሳይንስ ላይ ነው። በዚያ ዓለም ውስጥ እያንዳንዱ ቁስ፣ ከጠጠር እስከ ደመና፣ የራሱ የሆነና ከማንም ጋር የማይመሳሰል የኃይል ማኅተም አለው፤ ማኅተሙን የሚያነብ መሣሪያ የታጠቀ ሰው ደግሞ ከፊቱ ያለው ነገር ምን እንደሆነ፣ ከየት እንደመጣና የማን እንደነበረ ወዲያው ያውቃል። ይሁንና ሁሉን የሚያውቅ ገጸ ባሕርይ የሚፈልገው ነገር ስለማይኖር ታሪክ አይወጣውም። ለፈጠራው ሳይንስ ሕግና ወሰን ማበጀት ነበረብኝ፤ ወሰኑንም ከራሴ ከማመንጨት ይልቅ ከእውነተኛው ሳይንስ ለመዋስ ወሰንኩ። በዩኒቨርሲቲ ፊዚክስ የሚያስተምር የቆየ ወዳጄ፣ ከከተማው ዳርቻ ሳንርቅ የምፈልገውን ሁሉ ሊያሳየኝ እንደሚችል ነግሮኝ አብረን ወጣን።

ቅዳሜ፣ እንጦጦ

ከሽሮ ሜዳ ጀምረን ዳገቱን በእግር ወጣን። ወዳጄ በቦርሳው የያዘው ከጣት ብዙም የማይበልጥ፣ ብርሃንን በየቀለሙ በትኖ የሚያሳይ የኪስ ስፔክትሮስኮፕ፣ ትንሽ የካምፕ ምድጃና በወረቀት የተጠቀለለ ጨው ነበር። የእንጦጦ የጠፈር ምልከታ ማዕከል ከባሕር ጠለል በላይ 3,200 ሜትር ያህል ከፍታ ላይ ተቀምጧል፤ እያንዳንዳቸው የአንድ ሜትር ስፋት ያለው መስተዋት የተገጠመላቸው ሁለት ቴሌስኮፖች ያሉት ሲሆን፣ የከዋክብትን ብርሃን በየቀለሙ በትኖ የሚመረምር ስፔክትሮግራፍም አለው። ማዕከሉን ያስገነባው በ1996 ዓ.ም. የተቋቋመው የኢትዮጵያ ስፔስ ሳይንስ ሶሳይቲ ነው። እኛ ግን ወደ ቅጥሩ አልገባንም፤ ከባሕር ዛፉ መሐል ወጣ ካለ ድንጋይ ላይ ተቀምጠን የራሳችንን ሥራ ጀመርን።

ወዳጄ ስፔክትሮስኮፑን በፀሐይ ወደ በራ ነጭ ደመና አቅንቶ ሰጠኝ፤ ወደ ፀሐይዋ በቀጥታ ማነጣጠር ዓይን እንደሚያጠፋም አጥብቆ አስጠነቀቀኝ። በጠባቧ ቀዳዳ ውስጥ ከቀይ እስከ ሐምራዊ የተዘረጋ የቀለም ሪባን ታየኝ፤ ዓይኔ ሲለምድ ደግሞ ሪባኑን ከላይ እስከ ታች የሚያቋርጡ፣ እንደ ፀጉር የቀጠኑ ጥቁር መስመሮች ብቅ አሉ። ጀርመናዊው የመስታወት ባለሙያ ዮሴፍ ፍራውንሆፈር እ.ኤ.አ. በ1814 ቁጭ ብሎ 574 የሚሆኑትን ቈጥሯቸዋል፤ ጎላ ጎላ ላሉትም የፊደል ስም አውጥቶላቸዋል። ከቢጫው ውስጥ ያለውን ጥቁር መስመር «ዲ» ብሎታል። ወዳጄ ምድጃውን ለኮሰና ከጨዉ ቆንጥሮ እሳቱ ላይ በተነ። ሰማያዊው ነበልባል ወዲያው ደማቅ ቢጫ ሆነ፤ በስፔክትሮስኮፑ ሳየው ሌላው ቀለም ሁሉ ጠፍቶ አንዲት የቢጫ መስመር ብቻዋን ቆማለች። ከመስመሯ አጠገብ ያለው የልኬት ቁጥር ከደመናው ጥቁር መስመር ጋር አንድ ነው፤ የብርሃኑ የሞገድ ርዝመት 589 ናኖሜትር። የሶዲየም መስመር በተሻለ መሣሪያ ሲታይ 589.0 እና 589.6 ላይ የቆሙ ጥንዶች ናቸው።

በዚህ መሐል የባሕር ዛፍ ቅጠል የተሸከሙ አንዲት እናት አረፍ ብለው ያዩን ነበርና፣ «ምን እያያችሁ ነው ልጆቼ?» አሉን። ወዳጄ ጨው እያየን መሆኑን ነገራቸው። «ጨው ለማየት ይህን ሁሉ ዳገት ወጣችሁ?» ብለው ሸክማቸውን አስተካክለው ሄዱ። ጨዉስ ከቤትም ይታይ ነበር፤ ዳገቱን የወጣነው በፀሐይ ውስጥ ያለውን ለማየት ነው።

ጀርመናዊው የፊዚክስ ሊቅ ጉስታቭ ኪርሆፍ እ.ኤ.አ. በ1859 የተረዳው ይህንኑ ነው፤ አንድ የጋለ ጋዝ የሚያበራውን ቀለም፣ ከኋላው የበለጠ የጋለ ብርሃን ሲመጣበት ያንኑ ቀለም ይውጠዋል። ስለዚህ በፀሐይ ብርሃን ላይ ያለው ጥቁር መስመር በፀሐይ ከባቢ አየር ውስጥ ሶዲየም አለ ማለት ነው። ፈረንሳዊው ፈላስፋ ኦጉስት ኮምት እ.ኤ.አ. በ1835 ከዋክብት ከምን እንደተሠሩ ሰው ፈጽሞ ሊያውቅ እንደማይችል ጽፎ ነበር፤ ከ24 ዓመት በኋላ በምድጃና በጨው መልስ ተሰጠው ማለት ይቻላል።

ለልብ ወለዴ የመጀመሪያው ችግር እዚሁ መጣ። በእኔ ፈጠራ እያንዳንዱ ነገር ብቸኛ ማኅተም አለው። ወዳጄ ግን ነገሩን ገለበጠው፤ ከአፋር የመጣው ጨው ውስጥ ያለው የሶዲየም አቶም በፀሐይ ውስጥ ካለው አቶም ፀጉር ታህል የተለየ ቢሆን ኖሮ ሁለቱ መስመሮች ባልገጠሙ፣ ኪርሆፍም ምንም ባላወቀ ነበር። ማኅተሙ መታወቂያ መሆን የቻለው የአንድ ወገን አቶሞች በሙሉ አንድ ዓይነት ስለሆኑ ነው። ማኅተም የሚናገረው የዘሩን ስም ነው፤ የግለሰቡን አይደለም። ይህን በማስታወሻ ደብተሬ ላይ በትልቁ ጻፍኩት፤ ምክንያቱም የልብ ወለዴን መሠረት የሚነካ ነው።

ሲመሽ ወደ ሽሮ ሜዳ ወርደን በሐበሻ ልብስ ሱቆች ፊት አለፍን። የድሮ ዘንግ ፍሎረሰንት በሚበራበት ሱቅ በኩል ስናይ በዘንጉ ውስጥ ያለው የሜርኩሪ ጋዝ አረንጓዴ መስመር 546 ናኖሜትር ላይ፣ ሰማያዊው 436 ላይ ጥርት ብለው ቆሙ፤ ከጎኑ ባለው ሱቅ የኤልኢዲ አምፖል ግን ያልተቋረጠ ሪባን ብቻ ይታያል፣ መስመር የሚባል ነገር የለውም። አቶሞች በጠጣር ነገር ውስጥ ተጨናንቀው ሲኖሩ እርስ በርስ ስለሚገፋፉ መስመራቸው ተንሻፎ ይደበዝዛል፤ ጥርት ያለው መስመር የሚወጣው አቶሞቹ ጋዝ ሆነው ሲላቀቁ ነው። ማኅተሙ አለ፣ ግን ሁልጊዜ አይነበብም።

እሑድ፣ መናገሻ ሱባ

ዝናቡ ከለሊት ጀምሮ አላቋረጠም፤ ወደ ወጨጫ ተራራ የሚያወጣው መንገድ ጭቃ ነበር። የሱባ ደን ታሪክ እስከ ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ዘመን፣ እስከ 15ኛው መቶ ዓመት ድረስ ይወሰዳል፤ የጽዱ ዘር ከሰሜን ሸዋው የወፍ ዋሻ ደን እንደመጣም ይነገራል። ከግዙፎቹ ጽዶች ሥር ሆነን ያየነው ነገር ጥቂት ነው፤ ወዳጄ የነገረኝ ግን ይጠቅማል።

ታኅሣሥ 10 ቀን 2012 ዓ.ም. ከቻይና የመጠቀችው የመጀመሪያዋ የኢትዮጵያ ሳተላይት መሬትን የምታነሣው በተለያዩ የብርሃን ሞገዶች ነበር፤ መረጃውን የሚቀበለው ጣቢያም ትናንት ያለፍንበት እንጦጦ ላይ ነው። ለምለም ቅጠል ቀዩንና ሰማያዊውን ብርሃን ይውጣል፤ ዓይናችን የማያየውን፣ ከቀይ ማዶ ያለውን ብርሃን ግን በብዛት መልሶ ይረጨዋል። በዚህ ልዩነት ሳተላይት ከሕዋ ሆኖ ደንን ከታረሰ መሬት ይለያል። ጽዱን ከባሕር ዛፉ ለመለየት ግን ችግር አለ፤ ክሎሮፊል በጽድም በባሕር ዛፍም ውስጥ ያው ክሎሮፊል ነው። የሚለያቸው መጠኑ፣ በቅጠሉ ውስጥ ያለው ውኃና የቅጠሉ አሠራር ነው፤ እሱንም ቢሆን ኮምፒውተሩ የሚያውቀው አንድ ሰው አስቀድሞ በጭቃ ሄዶ «ይህ ጽድ ነው፣ ያ ባሕር ዛፍ ነው» ብሎ ካስመዘገበለት በኋላ ነው።

ይህ ሁለተኛው ወሰን ነው። ማኅተም ያለ መዝገብ ዲዳ ነው። በልብ ወለዴ ውስጥ መዝገቡን ማን እንደጻፈው እስካሁን አልተናገርኩም፤ ሳስበው ግን ከመሣሪያው ይልቅ መዝገቡን በየጫካው እየዞረ የጻፈው ሰው የበለጠ የሚስብ ገጸ ባሕርይ ይመስለኛል።

ሰኞ፣ ቃሊቲ

ጠዋት የገባነው አሮጌ ብረት አቅልጦ ፌሮ ከሚሠራ ፋብሪካ ነው። ከእቶኑ በብረት ማንኪያ የተቀዳው ናሙና በትንሽ ቅርጽ ፈስሶ ይቀዘቅዛል፤ ከዚያ ፊቱ በድንጋይ ተሞርዶ ወደ ጥራት ቁጥጥር ክፍል ይመጣል። ክፍሉን የምትመራው ወጣት ናሙናውን ከመሣሪያው ቀዳዳ ላይ ገጥማ ቁልፉን ስትጫን፣ የአርጎን ጋዝ ሲነፍስ ይሰማና ወዲያው ከሥሩ እንደ ጅራፍ የሚጮህ የኤሌክትሪክ ፍንጣሪ ይጀምራል። ፍንጣሪው ከብረቱ ጥቂቱን ያተንና አቶሞቹን ያበራቸዋል፤ መሣሪያውም የየንጥረ ነገሩን መስመር ለይቶ መጠኑን በመቶኛ ያወጣል። ናሙናው ሲነሣ ከሳንቲም ያነሰ፣ መሐሉ የከሰለ፣ ዙሪያው የጠቆረ ክብ ጠባሳ ተትቶበታል። እሷ ግን በአንዱ አላመነችም፤ ቦታ እየቀየረች ደጋግማ መታችው።

አርጎኑ ለምን እንደሚያስፈልግ ጠየቅኳት። «ካርቦን የሚያበራው 193 ናኖሜትር ላይ ነው፤ እሱን ብርሃን አየር ራሱ ይውጠዋል። አርጎኑ ሲያልቅ ሌላው ሁሉ ደህና ይመስልና ካርቦኑ ይዋሻል» አለችኝ። ፌሮን ጠንካራ ወይም ተሰባሪ የሚያደርገው ደግሞ ያው በመቶ ክፍል ያነሰ ካርቦን ነው። በየጠዋቱ ሥራ ከመጀመሯ በፊት መጠናቸው በሰነድ የተረጋገጠ ማነጻጸሪያ ብረቶችን እንደምትለካ አሳየችን፤ የሱባው መዝገብ እዚህ በመሳቢያ ውስጥ ተደርድሮ አገኘሁት።

ጠጣር ነገርን ሳያተንኑ ለማንበብ ራጅ ያስፈልጋል። ፋብሪካው በእጅ የሚያዝ፣ ሽጉጥ የሚመስል የራጅ መለያ አለው። የቤቴን ቁልፍ ሰጠኋት። አፈሙዙን ቁልፉ ላይ ገጥማ ትንሽ ሰከንዶች እንደጠበቀች መዳብ፣ ዚንክና ጥቂት እርሳስ ብሎ ጻፈ። ራጁ ከአቶሙ የውስጠኛው ክፍል አንድ ኤሌክትሮን ሲያስፈነጥር፣ ከላይ ያለው ወርዶ ይተካዋል፤ በሚወርድበት ጊዜም የራሱን ልክ ኃይል ያወጣል። ለብረት 6.40፣ ለመዳብ 8.05፣ ለዚንክ 8.64 ኪሎ ኤሌክትሮን ቮልት (በአቶም ዓለም የኃይል መለኪያ) ነው። የውስጠኞቹን ኤሌክትሮኖች ጎረቤት አይነካቸውም፤ ስለዚህ መዳብ በቁልፍ ውስጥም በሽቦ ውስጥም ያው ነው። ይህን ሥርዓት እ.ኤ.አ. በ1913 ያገኘው እንግሊዛዊው ሄንሪ ሞዝሊ፣ ንጥረ ነገሮች የሚደረደሩት በክብደት ሳይሆን በአቶም ቁጥር መሆኑን በዚህ መንገድ አሳየ፤ ከሁለት ዓመት በኋላም በጋሊፖሊ ጦርነት በ27 ዓመቱ ተገደለ።

መሣሪያው እንደ ካርቦን ያሉትን ቀላል ንጥረ ነገሮች ጭራሽ አያይም፤ የሚወጣቸው ራጅ በጣም ደካማ ስለሆነ አየሩ ውጦ ያስቀረዋል። ደግሞም የሚያነበው ቆዳውን ነው። በወርቅ ውስጥ ከአንድ መቶኛ ሚሊሜትር ብዙም ዘልቆ አያይም፤ ቅቡ ስስ ከሆነ ከሥር ያለውን ያጋልጣል፣ ወፍራም ከሆነ ግን «ወርቅ ነው» ብሎ ያልፋል። በ2000 ዓ.ም. ከአገራችን ወደ ደቡብ አፍሪካ የተላኩ የወርቅ ጡቦች ወርቅ የተቀባ ብረት ሆነው መመለሳቸውን የምታስታውሱ ታስታውሳላችሁ። ያን ዓይነቱን ለማጋለጥ ራጅም አያስፈልግም፤ ወርቅ በአንድ ኪዩቢክ ሴንቲሜትር 19.3 ግራም፣ ብረት ደግሞ 7.8 ግራም ያህል ስለሚመዝን ሚዛንና አንድ ባልዲ ውኃ ይበቃ ነበር።

ከሰዓት በኋላ ቆራሌዎች የሰበሰቡት ወደሚራገፍበት ግቢ ሄድን። እዚያ ያሉ አንድ አዛውንት ማግኔትና የኤሌክትሪክ ሞረድ ብቻ ይዘው ይሠራሉ። ማግኔቱ የያዘውን ወደ አንድ ወገን፣ ያልያዘውን ወደ ሌላ ወገን ይወረውራሉ፤ አጠራጣሪ ሲሆንባቸው ሞረዱ ላይ ነካ ያደርጉታል። «ጋሼ፣ በምን ይለያሉ?» ስላቸው መልስ ሳይሰጡ የላሜራ ቁራጭ ሞረዱት፤ ፍንጣሪው ረጅምና ቀጥ ያለ ነበር። ቀጥለው የመኪና ባሌስትራ ሞረዱ፤ ፍንጣሪው ጫፍ ጫፉ ላይ እየፈነዳ ብዙ ቅርንጫፍ አወጣ። «ይኼ ነው ካርቦን ያለው» አሉኝ። ወዳጄም አረጋገጠልኝ፤ ቅርንጫፉ የሚፈጠረው የጋለው ካርቦን በአየር ውስጥ ሲነድ ነው። መዝገቡ በአዛውንቱ ጭንቅላት ውስጥ ነበር።

ከግቢው ጥግ ላይ ልጆች ፕላስቲኩን ለማስወገድ የመዳብ ሽቦ ያቃጥሉ ነበር። ከጥቁሩ ጭስ ሥር ነበልባሉ ጫፉ ላይ እንደ ኤመራልድ አረንጓዴ ሆኖ ይነዳል፤ ከፕላስቲኩ የወጣው ክሎሪን መዳቡን አትንኖ ለእሳቱ ስለሚሰጠው ነው። ቀለሙ ያምራል፣ ጭሱ ግን ሳንባ የሚጎዳ በመሆኑ ልጆቹ ከነፋሱ በላይ በኩል እንዲቆሙ ነግረናቸው ነው የወጣነው፤ መስማታቸውን እንጃ።

ይህ ግቢ ያሳሰበኝ በሌላም ምክንያት ነው። እ.ኤ.አ. በ1987 በብራዚሏ ጎያኒያ ከተማ ቁርጥራጭ ብረት የሚሰበስቡ ሰዎች ከተተወ ክሊኒክ የካንሰር ማከሚያ መሣሪያ አውጥተው ሲፈቱት፣ በውስጡ የነበረው ጨረር የሚረጭ የሲዚየም 137 ዱቄት በጨለማ ሰማያዊ ሆኖ ያበራ ነበር፤ መሣሪያውን የገዛቸው የቁርጥራጭ ብረት ነጋዴም ደስ ብሎት ለዘመድ አከፋፈለው። አራት ሰዎች ሞቱ። ለእኔ ፈጠራ ከሁሉም የሚቀርበው እንዲህ ያለው ማኅተም ነው፤ ማንም ሳይመታው ከአቶሙ እምብርት ራሱ ይወጣልና። ሲዚየም 137 በ662 ኪሎ ኤሌክትሮን ቮልት ጋማ ጨረር ይታወቃል፤ ፖታሲየም 40 ደግሞ በ1,461። በአንድ ጎልማሳ አካል ውስጥ በየሰከንዱ ከ4 ሺህ በላይ የፖታሲየም 40 አቶሞች ይፈርሳሉ፤ አዛውንቱም፣ ወዳጄም፣ እኔም በዚህ መለኪያ ፊት አንድ መስመር ነን።

ማክሰኞ፣ ለገጣፎ

ከዝናቡ ተጠልለን ሻይ ቤት ውስጥ ዋልን። ወዳጄ የአምቦ ውኃ አዝዞ ከጠርሙሱ አንዲት ጠብታ በሽቦ ጫፍ ወደ ምድጃው አስገባ፤ የሻይ ቤቷ ባለቤት በጥርጣሬ ትመለከተን ነበር። የሶዲየሙ ቢጫ ሁሉንም ሸፈነው። የፖታሲየምን ሐምራዊ ለማየት ቢጫውን የሚያስቀር የኮባልት ሰማያዊ መስታወት ያስፈልግ ነበር፤ አልያዝንም። ኬሚስቱ ሮበርት ቡንሰንና ኪርሆፍ እ.ኤ.አ. በ1860 በጀርመኗ ዱርክሃይም የማዕድን ውኃ ውስጥ ከማንም የማይገጥሙ ሁለት ሰማያዊ መስመሮች አይተው ሲዚየምን አገኙ፤ ጨዉን ከውኃው ለይተው በእጃቸው ለመያዝ ግን ከ40 ቶን በላይ ውኃ ማትነን አስፈልጓቸዋል። ጎያኒያ ላይ ሰው የገደለው ያ ንጥረ ነገር መጀመሪያ የታየው እንግዲህ በመጠጥ ውኃ ውስጥ ነው።

ጨዋታችንን የሰማ አንድ ጎልማሳ፣ አንቴናዋ ወደ ወርቅ የምትዞር መሣሪያ ያለው ሰው እንደሚያውቅና ከሩቅ ሆኖ ከመሬት በታች ያለውን እንደሚጠቁም አጫወተን። ወዳጄ በትሕትና አዳመጠው፤ ከወጣን በኋላ ግን ስለ አንድ የእንግሊዝ ነጋዴ ነገረኝ። ጄምስ ማኮርሚክ የተባለው ይህ ሰው፣ የጎልፍ ኳስ ለመፈለጊያ ከሚሸጥ መጫወቻ የተሠራ፣ ባትሪ እንኳ የሌለው ባለ አንቴና መያዣ «ፈንጂን ከሩቅ ይለያል» እያለ ለኢራቅና ለሌሎች አገሮች በብዙ ገንዘብ ሸጧል፤ እ.ኤ.አ. በ2013 በማጭበርበር የ10 ዓመት እስር ተፈረደበት። በባግዳድ ኬላዎች ላይ ወታደሮች ያን ይዘው መኪና ይፈትሹ ነበር።

ሳስበው የእኔም የልብ ወለድ መሣሪያ እስካሁን የማኮርሚክ ወንድም ነበር። ከሩቅ፣ ያለ ምንጭ፣ ያለ መዝገብ ይሠራል። ስለዚህ ሦስተኛውን ወሰን ጻፍኩ፤ በራሱ ከሚፈርሰው በስተቀር ቁስ ካልተነካ አይናገርም። በእሳት፣ በፍንጣሪ፣ በራጅ ወይም በፀሐይ ብርሃን መመታት አለበት።

ረቡዕ፣ መልካ ቁንጥሬና ባልጩት

ከአየር ጤና በማለዳ ሚኒባስ ይዘን፣ ዓለም ገናን አልፈን በቡታጅራ መንገድ ወረድን። መልካ ቁንጥሬ ከአዲስ አበባ 50 ኪሎ ሜትር ያህል ይርቃል፤ ሥፍራውን እ.ኤ.አ. በ1963 ለሳይንስ ያስተዋወቀው ሆላንዳዊው የውኃ ባለሙያ ጄራርድ ዴከር ሲሆን፣ ፈረንሳዊው ዣን ሻቫዮን ከ1965 ጀምሮ ለዓመታት ቆፍሮበታል። ሐምሌ 2016 ዓ.ም. መልካ ቁንጥሬና ባልጩት በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ተመዘገቡ። በጎጆ ቤቶች የተደራጀውን ሙዚየም አስጎብኚው በትዕግሥት አሳየን፤ እኔ የቆየሁት ግን ባልጩት ድንጋዮቹ በተደረደሩበት ሣጥን ፊት ነው። በዚህ አካባቢ ሰው መሰል ፍጡራን ባልጩትን ከ1.7 ሚሊዮን ዓመት በፊት ይጠቀሙበት ነበር፤ ከ1.2 ሚሊዮን ዓመት በፊት ደግሞ ሲምቢሮ በተባለው የመልካ ቁንጥሬ ክፍል ደረጃውን የጠበቀ የእጅ መጥረቢያ በብዛት ይጠርቡበት ነበር።

ከዚያ ሰባት ኪሎ ሜትር ያህል ወደምትርቀው፣ እንደ ድንጋዩ ባልጩት ወደምትባለው መንደር ሄድን። ሜዳው በጥቁር ስብርባሪ ተሸፍኗል፤ ስንራመድ ከጫማችን ሥር እንደ ሸክላ ይንኳኳል። አንዱን ጎንበስ ብዬ ሳላነሣው አየሁት፤ ወፍራሙ ክፍሉ ጥቁር ነው፣ ምላጭ የሚመስለው ጫፉ ግን ብርሃን አሳልፎ ግራጫ ጭስ ይመስላል፤ በተሰበረበት ፊት ላይ ደግሞ ከምቱ ነጥብ ተነሥቶ እንደ ውኃ ክብ የሚሰፋ ሞገድ አለ። ቅርስ ስለሆነ ምንም አልወሰድንም።

ባልጩት እሳተ ገሞራ የተፋው ቅላጭ ክሪስታል ለመሆን ጊዜ ሳያገኝ ሲቀዘቅዝ የሚፈጠር መስታወት ነው። ከመቶ ሰባውን የሚበልጠው ሲሊካ ስለሆነ በዋናው ይዘቱ ከሌላ አገር ባልጩት ብዙም አይለይም። ልዩነቱ በሚሊዮን ውስጥ ስንት ተብለው እየተቈጠሩ ከሚገኙት፣ እንደ ሩቢዲየም፣ ስትሮንሺየም፣ ዚርኮኒየምና ኒዮቢየም ካሉት ንጥረ ነገሮች መጠን ነው። በአንድ የእሳተ ገሞራ ፍሰት ውስጥ የነዚህ ድርሻ ተቀራራቢ ነው፤ ከሌላው ፍሰት ግን ይለያል። ወዳጄ በስልኩ የራጅ ልኬት ሥዕል አሳየኝ፤ የሩቢዲየም ጫፍ 13.4፣ የዚርኮኒየም 15.8 ኪሎ ኤሌክትሮን ቮልት አጠገብ ቆመዋል። ሩቢዲየም ራሱ በቡንሰንና በኪርሆፍ እ.ኤ.አ. በ1861 የተገኘው በቀይ መስመሩ ነው። አርኪኦሎጂስቶች ከምንጩ ርቆ የተገኘን የባልጩት መሣሪያ በዚህ መንገድ ለክተው ከየትኛው ተራራ እንደተነሣ ይናገራሉ፤ ከድንጋዩ ጋር የተጓዘውን የሰው እግርም እንዲሁ ይከተላሉ።

በቅዳሜው ሐዘኔ ላይ የመጣ መጽናኛ ይህ ነው። አቶሞቹ አንድ ዓይነት ቢሆኑም ድብልቁ አንድ ዓይነት አይደለም። ልብ ወለዴ የሚፈልገው ልዩ ማኅተም ያለው በቅመማው ድርሻ ውስጥ ነው፤ እሱም ቢሆን ተራራውን እንጂ ድንጋዩን ለይቶ አይጠራም። ከአንድ ፍሰት የተሰበሩ ሁለት ቁራጮችን የትኛው የማን እንደነበር መሣሪያዬ ሊለይ አይችልም፤ የባለቤትነት ክርክር ሁሉ ለዳኛ ይቀራል። ይህን ስጽፍ ሦስተኛው ምዕራፍ ላይ ያለው የፍርድ ቤት ትዕይንት እንደሚፈርስ ገባኝ፤ ይፍረስ።

ስንመለስ ሚኒባሱ ውስጥ አንድ ያልተፈታ ጥያቄ ለወዳጄ አነሣሁለት። በታሪኩ ውስጥ ሌባው ወርቅ የተቀባ ብረት ከእውነተኛ ጡቦች ጋር ቀላቅሏል፤ የብረቱን ክብደት በሌላ ከባድ ብረት አስተካክሎታል፣ ስለዚህ ሚዛኑም ራጁም ተሸውደዋል። ገጸ ባሕርዬ የጡቡን ሆድ ማየት አለበት። መሣሪያው እስከ ውስጥ እንዲያነብ ልዋሽ ፈልጌ ነበር። ወዳጄ መዋሸት አያስፈልግም አለኝ። ኒውትሮን የኤሌክትሪክ ሙል ስለሌለው ወደ ጡቡ ይዘልቃል፤ ወርቁን ሲመታም ወደ ወርቅ 198 ይለውጠዋል፣ ያም ሲፈርስ በ412 ኪሎ ኤሌክትሮን ቮልት ጋማ ራሱን ያጋልጣል፤ ሌላ ብረት ካለም በራሱ መስመር ይወጣል። ዘዴውን የጀመሩት ጆርጅ ዴ ሄቬሺና ሂልዴ ሌቪ እ.ኤ.አ. በ1936 ነው።

«ታዲያ ወርቁ ከዚያ በኋላ ጨረር አይረጭም?» አልኩት።

«ይረጫል። በየ2.7 ቀኑ በግማሽ እየቀነሰ ይሄዳል።»

ዓለም ገና ሳንደርስ በጣቴ አሰላሁ። ከ27 ቀን በኋላ ከሺህ አንድ ያህሉ ይቀራል። ስለዚህ ገጸ ባሕርዬ እውነቱን ባወቀ ማግስት ወርቁን ለባለቤቶቹ ማስረከብ አይችልም፤ በእርሳስ ሣጥን ዘግቶ፣ ለምን እንደዘጋበት ለማንም ሳይናገር፣ ሌባው በከተማው ውስጥ እየተዘዋወረ ሳለ ወሩን ሙሉ ሊጠብቀው ነው። አራተኛው ምዕራፍ ከዚያ ይጀምራል።